ዜሮን በ15 ማባዛት

ካሣ ለአገራችን ሰው እንግዳ ነገር አይደለም። ሰው ሲሞት፣ ክንድ ሲሰበር፣ የጎረቤት ሰብል በከብት ሲበላ ሽማግሌ ይቀመጣል። በዳይም ተበዳይም ዘመድ ይዘው ይቀርባሉ፤ ነገሩ ይነሣል፣ ይጣላል፤ በመጨረሻ ካሣው ይቆረጣል። በዚህ ሁሉ መሀል ፈጽሞ የማይታይ ነገር ቢኖር በዳዩ ራሱ ዳኛ፣ ራሱ ገማች፣ ራሱ ከፋይ ሆኖ «የጉዳትህ ልክ ይኸውልህ፤ ፈርምና ተቀበል» ማለቱ ነው። እንዲህ ያለ ሽምግልና በደጋም በቆላም የለም። መንግሥት ለልማት ብሎ የገበሬ መሬት ሲወስድ የሚሆነው ግን ይኸው ነው።

ይህን የምጽፈው ቡለንን አስቤ ነው። ቡለን በመተከል ዞን ያለች ወረዳ ናት፤ ጉሙዙና ሽናሻው፣ አማራው፣ ኦሮሞውና አገው በአንድ ገበያ የሚገናኙባት፣ ማሽላና ዳጉሳ፣ ሰሊጥና ማር የሚወጣባት አገር። የካሣ ነገር ሲነሣ እኛ ጸሐፊዎች ዓይናችን የሚሄደው ወደ አዲስ አበባ ዙሪያ ነው። አይፈረድብንም፤ የምንኖረው እዚያ ነው። የአዲስ አበባ ዙሪያ ገበሬ ግን፣ ቢበደልም፣ መሬቱ ከእጁ በወጣ ማግስት በስንት ብር እንደሚጫረት ያያል፤ የተበደለውን ያህል ቆጥሮ ይናገራል። የቡለኑ ሰው በደሉን የሚቆጥርበት መቁጠሪያ እንኳ አልተሰጠውም። ሕጉ ራሱ የእርሱን ኑሮ ሳያይ የተሠራ ነውና።

እኔ የሕግ ሰው አይደለሁም፤ የተማርሁት ጋዜጠኝነት ነው። ሆኖም ነጋሪት ጋዜጣ ለሕዝብ የሚታተም ስለሆነ ሕዝብ ሊያነበው ይገባል። (በአማርኛና በእንግሊዝኛ ብቻ መታተሙ፣ ጉሙዝኛ ወይም ሽናሽኛ ብቻ ለሚናገር ሰው ሕዝብነቱን ምን ያህል እንደሚያጎድልበት ለሌላ ቀን ይቆየን።) በ1987 የጸደቀው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ አይሸጥም፣ አይለወጥም ይላል። ባለይዞታው በጉልበቱ ወይም በገንዘቡ በመሬቱ ላይ ላፈራው ንብረትና ላደረገው ቋሚ ማሻሻያ ግን ሙሉ መብት አለው፤ መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም ሲወስድበት ተመጣጣኝ ካሣ አስቀድሞ መክፈል አለበት። አንቀጽ 44 ደግሞ በመንግሥት ፕሮግራም የተፈናቀሉትን ብቻ ሳይሆን ኑሯቸው የተነካባቸውን ሁሉ ካሣ ይገባቸዋል ይላል። «ኑሯቸው የተነካባቸው» የሚለውን አንባቢ በልቡ ይያዝልኝ፤ እመለስበታለሁ።

ይህን ለማስፈጸም በ1997 አዋጅ ቁጥር 455 ወጣ። ከመሬቱ በቋሚነት የሚነሣ ገበሬ ከንብረቱ ግምት በተጨማሪ፣ ከመነሣቱ በፊት በነበሩት 5 ዓመታት ያገኘው አማካይ የዓመት ገቢ በ10 ተባዝቶ ይሰጠዋል ተባለ። በ2011 ይህ ተሻረና አዋጅ ቁጥር 1161 መጣ። አሁን የሚታየው ያለፉት 3 ዓመታት ሲሆን፣ ከሦስቱ ከፍተኛው ገቢ ተመርጦ በ15 ይባዛል። ተመሳሳይ ምትክ መሬት የተሰጠው ሰው ግን የሚከፈለው የአንድ ዓመቱን ብቻ ነው። ከ10 ወደ 15 መውጣቱ መሻሻል ነው፤ አልክድም። ለተቋረጠ ማኅበራዊ ትስስርም ካሣ እንዲታሰብ ማዘዙ በአገራችን ሕግ ትልቅ እርምጃ ነው።

ከዚያ ወዲህ የሰማሁት ክርክር ሁሉ ግን በማባዣው ላይ ነው። 15 ይበቃል? 20 ይሁን? ዘላለማዊ መብት ለሆነ ነገር የ15 ዓመት ገቢ ምን ያደርጋል? ጥሩ ክርክር ነው። የገንዘባችንን ነገር ሳስብ ደግሞ እኔም እቀላቀላለሁ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 የውጭ ምንዛሪው ሲለቀቅ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አልፏል፤ በዚያ ሰሞን የ15 ዓመት ኑሮውን በብር ተቀብሎ ባንክ ያስቀመጠ ገበሬ ስንት ዓመት እንደቀረው እርሱ ይቁጠረው። ነገር ግን ስንት ጊዜ ይባዛ ከሚለው በፊት ምኑ ይባዛ የሚል ጥያቄ አለ። ቡለን ላይ የሚሰበረው ድልድይ ይህ ነው።

እንበልና በቡለን ቆላ አንድ የጉሙዝ አባወራ አለ። ዘንድሮ በዶማ የሚቆፍረው ማሳ አንድ ነው። ከእርሱ በፊት ሦስት አራት ዓመት የቆፈረው «ደክሟል፣ ይረፍ» ተብሎ ተትቷል። ከዚያ በፊት የተተወው አሁን ሸምበቆና ቁጥቋጦ ለብሷል፤ ጥቂት ዓመት ቆይቶ ተመንጥሮና ተቃጥሎ ማሽላ ይዘራበታል። የትኛው የማን ጎሣ እንደሆነ፣ ማን የቱን መቼ እንደተወው ሽማግሌዎቹ ያውቃሉ። አጥር የለውም፤ ድንበሩ ያለው በሰው ራስ ውስጥ ነው። ይህን አኗኗር ዶክተር ወልደሥላሴ አቡቴን የመሰሉ ተመራማሪዎች ዓመታት ፈጅተው አጥንተውታል፤ መንግሥትም አያውቀውም ለማለት አይቻልም።

ገማቾቹ ሜትር ይዘው መጡ። መንገዱ ወይም የኤሌክትሪክ መስመሩ ወይም የባለሀብቱ እርሻ የሚያልፈው ባረፈው መሬት ላይ ነው። በጥያቄ ወረቀቱ ላይ «ባለፉት 3 ዓመታት የተገኘ ገቢ» ይላል። መልሱ ምንም ነው። መሬቱ አርፎ ነበርና። ዜሮ በ10 ዜሮ ነው፤ ዜሮ በ15 ዜሮ ነው፤ ነገ ደግ መንግሥት መጥቶ በ100 ቢያደርገውም ያው ዜሮ ነው። ንብረትስ? ሸምበቆው ሰው የተከለው አይደለም፤ ራሱ የበቀለ ነው። ቋሚ ማሻሻያስ? እርከን አልተሠራበትም፣ ቦይ አልተቆፈረበትም። ገማቹ ክፉ ሰው መሆን አያስፈልገውም፤ ሕጉን አክብሮ ባዶ ወረቀት ይዞ ይመለሳል።

አስቂኙ ነገር የሚመጣው መስመሩ ሁለት መቶ ሜትር ፈቀቅ ብሎ በሚቆፈረው ማሳ ላይ ቢያልፍ ነው። ያን ጊዜ ያው አባወራ፣ ሌላ አራት ዓመት እንኳ ሊቆፍረው ያላሰበው መሬት የ15 ዓመት ገቢ ይታሰብለታል። እንግዲህ ቀመሩ ማነሱ ብቻ አይደለም ችግሩ፤ የሚለካውን ነገር አያውቀውም። የዘንድሮው ማሽላ የወጣው ዘንድሮ ከተቆፈረው መሬት ብቻ አይደለም፤ ከመሬቱ ዕረፍት ነው። ሦስቱ ያረፉት ማሳዎች ከተወሰዱ አራተኛው ሳያርፍ ይቆፈራል፤ ከዚያ ይሞታል። አባወራው ያጣው አንድ ማሳ ሳይሆን ዙሩን ነው። በደጋው ቋንቋችን ይህን መሬት «ጠፍ» እንለዋለን። ጠፍ ማለት ባለቤት የሌለው፣ የጠፋ ማለት ነው። ሰውየው ግን አላጠፋውም፤ አሳረፈው። በአንድ ቃል ስህተት የሰው ርስት ባዶ ሆኖ ይቆጠራል።

ይህ ስህተት ደግሞ ታሪክ አለው። በ1977 ድርቅ ደርግ ከወሎ፣ ከሸዋ፣ ከከምባታና ሐዲያ እየጫነ ያመጣቸውን ከ80 ሺህ በላይ ሰዎች ፓዌ ላይ ሲያሰፍር «ሰው የሌለበት ለም መሬት» ብሎ ነበር። ሰው ነበረበት። ጉሙዙ ከየማሳውና ከየአደኑ ተገፍቶ ሲሄድ ካሣ ቀርቶ የተነሺነት መዝገብ እንኳ አልተከፈተለትም። ሰፋሪዎቹም ቢሆኑ ብዙዎቹ በፈቃዳቸው የመጡ አልነበሩምና ጥፋቱን በእነርሱ ማሳበብ ሌላ ግፍ ነው። ከ2000 በኋላ ደግሞ ያው «ባዶ መሬት» በሌላ ስም መጣ፤ «ድንግል መሬት» ተባለ። ከቤንሻንጉል ጉሙዝ ከ600 ሺህ ሄክታር በላይ ለባለሀብት ይሰጥ ተብሎ ወደ ፌዴራል የመሬት ባንክ ገባ። መቼም ድንግል የሚባል መሬት የሚኖረው በላዩ የሚኖረውን ሰው ላለማየት ለወሰነ ዓይን ነው።

እዚህ ላይ የመሬት ዋጋ ነገር ይነሣል። መሬት አይሸጥ የሚለውን ሕግ አልቃወምም፤ እንዲያውም የቡለንን ድሀ ከአራጣ አበዳሪ ያዳነው እርሱ ሊሆን ይችላል። የማይገባኝ፣ መሬት ዋጋ የለውም የሚባለው ከገበሬው እጅ ሲወጣ ብቻ መሆኑ ነው። ከ1986ቱ የሊዝ አዋጅ ጀምሮ መንግሥት የከተማ ቦታ በካሬ ሜትር ያጫርታል። የገጠሩንም ያከራያል፤ ጋምቤላ ላይ ካሩቱሪ ለሚባለው የህንድ ኩባንያ 100 ሺህ ሄክታር በዓመት ለሄክታር 20 ብር ሰጥቶ ነበር። ኩባንያው ይህን ያህል መሬት ማልማት አቅቶት ውሉ በ2008 ተሰረዘ። 20 ብር ቀልድ ነው። ግን 20 ብርም ዋጋ ነው! ታዲያ ያ ዋጋ ትናንት በመሬቱ ላይ ለነበረው ሰው ለምን አይደርሰውም? «ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ» የተባለው ለዚህ ሳይሆን አይቀርም፤ ሕገ መንግሥቱ መሬቱ ያንተም ነው ብሎታል፣ ኪራዩ ግን ሌላ ቤት ይገባል።

አንድ ነገር ልጨምር። የጉሙዝ አያቶች ባሪያ ፈንጋይ ያሳደዳቸው ሰዎች ናቸው። እስከ 20ኛው መቶ ዘመን ድረስ በራሳቸው ላይ ዋጋ ተተምኖ በገበያ ተሽጠዋል፤ ያን ጊዜ ገማች አልጠፋም ነበር። ዛሬ የልጅ ልጆቻቸው መሬት ሲወሰድ ነው ገማች የሚጠፋው።

ወደ ቡለን እንመለስ። ታኅሣሥ 14 ቀን 2013 በቡለን ወረዳ በኩጂ ቀበሌ የሆነውን አንባቢ አይረሳውም። የኢትዮጵያ ሰብዓዊ መብቶች ኮሚሽን መጀመሪያ ከ100 በላይ ሰዎች መገደላቸውን አስታወቀ፤ በኋላ ቁጥሩ ከ200 አለፈ። የተከመረ እህል ተቃጠለ። በዚያን ዓመት ከመተከል የተፈናቀለው ሕዝብ ከ100 ሺህ በላይ ነበር፤ ብዙው ቻግኒ አጠገብ ራንች በተባለው መጠለያ የእርዳታ ስንዴ እየሰፈረ ከረመ። ጉሙዙም በበኩሉ ወደ ጫካ ሸሽቶ ማሳው ጾም አደረ። ይህ የካሣ ሕግ ጉዳይ አይመስልም። ግን የሕጉን ቀመር እዚህ ላይ አስቀምጡት። መሬቱ በ2015 የተወሰደበት ገበሬ ቢኖር፣ ያለፉት 3 ዓመታት ማለት 2012፣ 2013 እና 2014 ናቸው። ከሦስቱ ከፍተኛውን ምረጡለት፤ ከመጠለያው ስንዴ ውስጥ ከፍተኛው የቱ ነው? ዛሬ በ2018 ቢወሰድበት ደግሞ የሚቆጠሩለት በሬውን ያጣው፣ ዘሩ የተቃጠለበት ሰው በብድር ጥማድ እንደገና «ሀ» ያለባቸው ዓመታት ናቸው። ሰላሙን ማስጠበቅ የነበረበት መንግሥት ነው። ባለመጠበቁ የተነሣ ገበሬው ሳያርስ የቀረባቸውን ዓመታት ይዞ፣ ያው መንግሥት ካሣውን ይቀንስበታል። እንዲህ ያለ ሒሳብ በሽማግሌ ፊት ቢቀርብ ሽማግሌው ጋቢውን አራግፎ ይነሣል።

የጫካውና የወንዙ ነገር ላይ አልቆይም፤ ቢሆንም ሳይነሣ አይታለፍም። በመተከል ቆላ ማር፣ የሸምበቆ ቡቃያ፣ የዱር ሥራ ሥር፣ ዓሣና ከወንዝ አሸዋ የሚታጠብ ወርቅ ክረምትን ከበጋ የሚያገናኙ ናቸው፤ የሚሰበስቡትም በአብዛኛው ሴቶች ናቸው። የ1997ቱ የገጠር መሬት አዋጅ፣ ቁጥር 456፣ መንግሥት የመሬት ባለቤት እንደመሆኑ የወል ይዞታን እንደ አስፈላጊነቱ ወደ ግል ይዞታ ሊያዞር ይችላል ይል ነበር፤ ያ አዋጅ በ2016 በሌላ ተተክቷል። የ2011ዱ የካሣ አዋጅ ለወል ይዞታ በጠፋው ጥቅምና ኑሮ ልክ ካሣ ይተመን ማለቱን በሐቅ መመስከር አለብኝ። በሩ ተከፍቷል። ግን በቡለን ጫካ ውስጥ አንዲት እናት በዓመት ስንት ቅምጫና ሥራ ሥር እንደምትለቅም የጻፈ የግብርና ጽሕፈት ቤት መዝገብ አላየሁም። የሞተ ሰው አጽም ሲነሣ እንኳ የማዛወሪያውና የሥነ ሥርዓቱ ወጪ ይተመን ብሎ በ1999 ደንብ ቁጥር 135 ደንግጓል፤ ደግ አድርጓል። በሕይወት ያለችው እናት ጓዳ ነው ሳይተመን የቀረው።

«ኑሯቸው የተነካባቸው» ያልሁትን እዚህ አምጡልኝ። መጋቢት 24 ቀን 2003 መሠረቱ የተጣለው፣ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 የተመረቀው ግድባችን ያለው በዚሁ በመተከል፣ ጉባ ላይ ነው። ቦንድ ከገዙት አንዱ ነኝ፤ ውሃው ሲሞላም እንደ ማንም ሰው ደስ ብሎኛል። ሐይቁ ሲሞላ 1,874 ካሬ ኪሎ ሜትር ይሸፍናል፤ 187,400 ሄክታር መሆኑ ነው። በዚያ ሁሉ መሬት ላይ ጎጆ ቀልሶ የነበረ ተነሺ ሊባል ይችላል። ጎጆው ከዳር ሆኖ ወርቅ የሚያጥበው፣ ዓሣ የሚያጠምደው፣ ያሳረፈው ማሳ ውሃ ውስጥ የገባበትስ? ሕገ መንግሥቱ «ኑሯቸው የተነካባቸው» ሲል እርሱን ማለቱ ነው። ግድቡ የሁላችንም ነው ካልን ዋጋውም የሁላችን ይሁን እንጂ ዳር ላይ የተገኘው ብቻ አይክፈለው። ግብፆች አስዋንን ሲሠሩ በ1956 ገደማ ወደ 50 ሺህ የሚጠጉ ኑቢያውያንን ከአባይ ዳር አንስተው በረሃ ላይ አሰፈሩ፤ ከሱዳን ወገንም ከዋዲ ሃልፋ የዚያኑ ያህል ሰው ተነሣ። ከ50 ዓመት በኋላ፣ በ2006 በጸደቀው የግብፅ ሕገ መንግሥት ውስጥ ኑቢያውያንን ወደ ቀዬአቸው የመመለስ ቃል መግባት ግድ ሆነ። በርካሽ የተዘጋ ሒሳብ እንዲህ እየቆየ ይከፈታል።

ባለሥልጣኖቻችን የሚመልሱት አላጣሁትም። የካሣ ወጪ ከመንገዱ ወጪ በለጠ፣ ልማት በካሣ ተያዘ የሚል ሮሮ ከዓመት ዓመት እንሰማለን። የተጋነነ ጥያቄ፣ ሌሊት የተተከለ ባሕር ዛፍ፣ በአንድ ቀን የቆመ ቤት መኖሩን አላስተባብልም፤ ይህ ግን ከተማ ዳር ያለና ሕጉን የሚያውቅ ሰው ጥበብ ነው፣ የቡለኑ ገበሬ በዚህ አይጠረጠርም። ደግሞስ የሚያፈርሰውን ለመክፈል አቅም የሌለው ፕሮጀክት ርካሽ ነው ማለት ነው? ቀሪውን ሒሳብ ድሀው በዝምታ ከፈለለት ማለት እንጂ።

አሳሳቢው በ2016 የመጣው ማሻሻያ፣ አዋጅ ቁጥር 1336 ነው። ካሣ የመክፈሉን ኃላፊነት ወደ ክልሎችና ወደ ከተማ አስተዳደሮች አዞረው። የአገር መንገድና የኤሌክትሪክ መስመር ሲዘረጋ የሚከፍለው አሶሳ ሊሆን ነው። ገማቾቹን የሚሰይመው ማነው? በ1997ቱ አዋጅ የገጠር ገማች ኮሚቴ ማለት የወረዳው አስተዳደር የሚመርጣቸው ከ5 የማይበልጡ ባለሙያዎች ነበሩ፤ ግምቱን በፍርድ ቤት ለመቃወምም አስቀድሞ መሬቱን ማስረከብህን የሚያሳይ ማስረጃ ማቅረብ ነበረብህ። ተመቶ ካበቃ በኋላ ጩኽ እንደ ማለት። በ1952 የወጣው የንጉሡ ዘመን ፍትሐ ብሔር ሕግ እንኳ ባለቤቱ በካሣው ካልተስማማ በግልግል ጉባኤ ይታይ፣ ካሣውም ከደረሰው ጉዳት ጋር እኩል ይሁን ብሎ ነበር። የጎደለ በጀት ያለው ክልል፣ በራሱ ወረዳ ሰዎች ግምት፣ ለራሱ ሕዝብ ሲከፍል ወደ የትኛው ቁጥር እንደሚያዘነብል ለመገመት ምሁር መሆን አያሻም።

ሆኖም ከዚሁ ጦስ አንድ ነገር ማውጣት ይቻላል። ከፋዩ ክልሉ ከሆነ፣ የሚከፈለውን ነገር መዘርዘርም የክልሉ ሥራ ይሁን። የክልሉ ምክር ቤት አሶሳ ላይ ሲቀመጥ የመተከልንና የካማሺን አኗኗር የሚያውቁ ወኪሎች አሉት። ያረፈ ማሳ ከሚቆፈረው ጋር እንደ አንድ ይዞታ ይቆጠር፤ ገቢውም በዙሩ ሁሉ ይሰላ። ሰው በጦርነትና በመፈናቀል ያላረሰባቸው ዓመታት ከሦስቱ ውስጥ አይግቡ፤ ወደ ኋላ ተሂዶ በሰላም ያረሰበት ዓመት ይፈለግለት። መሬቱ ለባለሀብት ከተከራየ ከኪራዩ ድርሻ በየዓመቱ ለተነሣው ጎሣ ይድረስ፤ የአንድ ጊዜ ብር በዋጋ ንረት ስለሚበላ። በጥያቄ ወረቀቱም ላይ ለጫካው፣ ለወንዙና ለቀፎው መስመር ይሰመር፤ መልሱም ለአባወራው ብቻ ሳይሆን ለባለቤቱም ይጠየቅ።

ገማቹም ከእንግዲህ ወደ ቡለን ቆላ ሲወርድ ሜትሩን ብቻ ይዞ አይውረድ። ያንን ማሳ ማን መቼ እንዳሳረፈው የሚያውቅ ሽማግሌ ከጎኑ ይኑር፤ ሽማግሌውም መንገድ እንዲመራ ሳይሆን በኮሚቴው ውስጥ ድምፅ እንዲሰጥ ነው።